በፊልሙ ላይ ያልወጣው ስም

ጌርኖት የከዳን መቼ ነው? ገበታዬ ላይ ተቀምጦ የሠራሁትን የድንች ድቡልቡል ሦስት ሦስት ሲያነሳ ክህደቱ ልቡ ውስጥ ነበረ፣ ወይስ ኋላ ነው የገባበት? እግዜር ይወቀው፤ እኔ አላውቅም።

የልጅ ልጄ ክሌመንስ ሰው የሚያስቅ ነገር ይጽፋል። አስራ አንድ ዓመት ሙሉ ቪየና ውስጥ በየምድር ቤቱ ቲያትር ለሚቀልዱ ሰዎች ቀልድ ሲያቀብል ኖረ። ለእነሱ ይጨበጨባል፤ እሱ ከመጋረጃ ጀርባ ቆሞ ሰምቶ ይመጣል። ስሙን የጻፈለት የለም። አብረን ስለምንኖርበት ግቢ አስቂኝ ፊልም ሊጽፍ ሲነሳ፣ "አያቴ፣ በዚህኛው ስሜን ታዪዋለሽ" አለኝ።

ጓደኛውን ጌርኖትን ያመጣው ያኔ ነው። ክሌመንስ ተቀምጦ መጻፍ አይሆንለትም። ወጥ ቤቴ ውስጥ ወዲያ ወዲህ እያለ፣ አንዴ እንደ ሴት አንዴ እንደ ሽማግሌ ድምፁን እየለዋወጠ ይናገራል፤ ጌርኖት ጥጉን ይዞ የሚለውን በኮምፒውተሩ ይለቅማል። ሁለት ዓመት በጋ ከክረምት እንዲህ አለፈ። ከክሌመንስ አፍ ያልወጣ ቀልድ እዚያ ኮምፒውተር ውስጥ አልገባም፤ በጆሮዬ ሰምቻለሁ።

የፊልሙ ዋና ሰው የግቢያችን ተቆጣጣሪ ወይዘሮ ቮንድራቼክ ናት። ቁርጥ እሷን! የሰው ቆሻሻ ከፍታ ስትመረምር፣ ባሏ በሞተ ቀን እንኳ ለቀስተኛው ደረጃውን በጫማ እንዳያቆሽሽ ስትቆጣ። ስቄ ስቄ ሳበቃ ፍርሃቱ መጣብኝ። አርባ ሁለት ዓመት የኖርኩበት ግቢ ነው። ክሌመንስን ብትከሰውስ? ደረጃው ላይ ጠብቃ በሰው ፊት ብታዋርደውስ?

አንድ ቀን ክሌመንስ ዳቦ ሊገዛ ሲወርድ ጌርኖትን ያዝኩት።

"ልጄ፣ አንተ እዚህ ግቢ አትኖርም። ያንተ ስም ብቻ ቢወጣስ? ለጊዜው፣ ነገሩ እስኪበርድ።"

አፉ ውስጥ ያለውን አላምጦ ዋጠ። "እርስዎ ካሉ፣ እማማ ሄርሚኔ፣ እኔን ምን ከፋኝ?"

"ለክሌመንስ ራስህ ትነግረዋለህ አይደል?"

"ለእኔ ይተዉት።"

ተውኩለት።

ባለፈው እሁድ ፊልሙ በቴሌቪዥን ወጣ። ደራሲ፦ ጌርኖት ፕራክስማየር። ሌላ ስም የለም። ክሌመንስ ስክሪኑን እያየ "ስህተት ይሆናል" አለ። እኔ ጉልበቴን አየሁ።

ፊልሙ እንዳለቀ በሩ ተንኳኳ። ወይዘሮ ቮንድራቼክ! የፖም ኬክ ይዛለች፣ ዓይኗ በሳቅ ብዛት አብጧል።

"እኔን እኮ ነው! እኔን ራሴን! ቆሻሻ ስፈትሽ አያችሁኝ? ጎረቤቱ ሁሉ በመስኮት እየጠራኝ ነው። ያ በላተኛ ጓደኛችሁ ለካ ጉደኛ ኖሯል! አንተ ክሌመንስ፣ ይህን ያህል ጊዜ አብረኸው ስትውል ትንሽ እንኳ አልተጋባብህም?"

ክሌመንስ ፈገግ አለላት። ያን ፈገግታ ምነው ባላየሁት።

ማክሰኞ ጠዋት ካፖርቱን ለብሶ ወጥ ቤት ገባ።

"ስሜን ለማስመለስ ደራሲያን ማኅበር ቀጠሮ ይዣለሁ። ምስክር አለህ ወይ ሲሉኝ አለኝ አልኳቸው። በይ አያቴ፣ ጫማሽን አጥልቂ።"

"የምን ምስክር?"

"አንቺ ነሻ! ሁለት ዓመት የሰማሽው። ጌርኖት ስደውልለት ምን ቢለኝ ጥሩ ነው? 'ስምህ እንዳይወጣ የጠየቁኝ አያትህ ናቸው'! እዪ ድፍረት! ውሸት ሲያልቅበት ደግሞ በአሮጊት ማሳበብ ጀመረ።" እየሳቀ ነው የሚነግረኝ።

አንዱን ጫማ አጥልቄ ነበር። ሌላው እጄ ላይ ቀረ።

"ለጊዜው ነው ያልኩት" አልኩ። "እስኪበርድ። ቮንድራቼክን ፈርቼ..."

ሳቁ ፊቱ ላይ እንዳለ ደረቀ።

"ምን አልሽ?"

"እሱ ይነግርሃል ብዬ ነው እንጂ..."

"አስራ አንድ ዓመት፣ አያቴ። አስራ አንድ ዓመት! ይህን ከሌላው ሁሉ ስጠብቅ ኖሬ፣ ካንቺ ይምጣ?"

"ክፉ እንዳይነካህ ብዬ ነው፣ ልጄ። እመጣለሁ። እኔ ነኝ ያልኩት እላቸዋለሁ፣ ቀልዱ ያንተ መሆኑንም ቃል በቃል እነግራቸዋለሁ። ቆየኝ ብቻ፣ ይቺን ጫማ..."

ጎንበስ ብዬ ማሰሪያዋን ስታገል ቆየሁ። ቀና ስል ኮፍያውን አድርጓል። ምስክሩን ትቶ ብቻውን ወጣ።