የማንኬል ሴት ልጆች

«መንገዱን የመራቸውማ ማንኬል ነው» አሉ አሮጊቷ ሴልሚራ በወጥ ቤታቸው፣ ማቴ የሚሉትን ሻይ ከነትኩሱ በኩባያ ለኦማር እየዘረጉ።

ቀራጩ ኦማር እጁ ካሜራው ላይ ስለነበር አልተቀበላቸውም። ሊዲያም የሰማችው ነገር ወዲያው አልገባትም። ለዓመታት የለፋችበት ፊልም ስለዚሁ ሰው ነው፤ ወታደሮች በዚህ በፓታጎኒያ ሜዳ የአገሩን ነባር ሕዝብ፣ ማፑቼዎችን፣ ሲፈጁ አምልጦ፣ ወላጅ ያጡትን ሕፃናት ሰብስቦ መንደሩን ስለመሠረተው ቅድመ አያቷ። ትምህርት ቤቱ የሚጠራው በእሱ ስም ነው። ልጆቹ በሚማሩበት የታሪክ መጽሐፍ ውስጥ ግን ስለዚያ እልቂት አንድ መስመር እንኳ የለም።

«ማንን ነው የመራው፣ አክስቴ?»

«ወታደሮቹን ነዋ! ወንድሙና ሰዎቹ የተደበቁበትን ምንጭ ከእሱ በቀር ማን ያውቀው ነበር?»

ሊዲያ ግድግዳውን ተደግፋ ቆመች።

«አጥፋው!» ብሎ ጮኸ በሩ አጠገብ የነበረው ኤቫሪስቶ፤ የአጎቷ ልጅና የመንደሩ መሪ ነው። «አጥፋው እልሃለሁ! የመሬት ክርክራችን ገና ፍርድ ቤት ነው። መሬታችንን የያዘው ባለ በጎቹ ጌታ ይህን ቢሰማ ምን ይለናል? ‹እናንተው ናችሁ የተጨራረሳችሁት፣ ከእኛ ምን ትፈልጋላችሁ› ነው የሚለን!»

«አንተ ደግሞ ስትጮህ ቁርጥ አባትህን!» አሉ ሴልሚራ። «ጠመንጃውን የያዘው ማንኬል ነው እንዴ? ሚስቱንና ሁለት ሴት ልጆቹን በገመድ አስረው፣ ‹ወንድምህን አሳየንና እንለቅልሃለን› አሉት። አሳያቸው። ሲነጋ ምንጩ ዳር በእግሩ የቆመ ሰው አልነበረም። የእሱንም አልለቀቁለትም። ዋና ከተማ ወስደው ለሀብታም ቤት ገረድነት አደሏቸው። ዳግመኛ ዓይናቸውን አላየም። የእናንተን አያት የወለደው ኋላ ካገባት ሴት ነው።»

«ማን ነገረሽ?» አለች ሊዲያ።

«አያቴ ናታ! ያኔ ሕፃን ነበረች፤ በእናቷ ሬሳ ሥር ተወሽቃ ተገኘች። ከዚያ ያወጣት፣ አዝሎ ያመጣት፣ ያሳደጋትም ማንኬል ነው። ሊሞት ሲል በገዛ አፉ ነገራት። እሷም ‹አባቴ› እያለች ቀበረችው።»

ምድጃው ላይ ለቂጣ መጥበሻ የተጣደው ዘይት ማረር ጀምሯል፤ ያወረደው ሰው የለም።

ሊዲያ ትንሽ ልጅ ሳለች በበዓል ቀን ሕዝብ ፊት ቆማ የማንኬልን ስም በኩራት ስትጠራ ትዝ አላት። ከወንድሙ ቤት የቀረ ዘር የለም። እሷ ግን አለች።

«ታዲያ እስከ ዛሬ ምነው ዝም አልሽ?» አለች እንደ ምንም።

«ማን ጠየቀኝ? ሁላችሁም የምትጠይቁኝ እንዴት እንዳመለጠ ነው።»

«ልሰርዘው?» አለ ኦማር በሹክሹክታ።

«ሊዲያ፣ በሞቴ» አለ ኤቫሪስቶ፤ ድምፁ አሁን የልመና ሆኗል። «መሬቱ ይመለስልን፤ ከዚያ በኋላ የፈለግሽውን አድርጊ።»

የሚለው እውነት እንደሆነ ታውቃለች። ፍርድ ቤት ከተረቱ ይህች ወጥ ቤት ራሷ አትቀርላቸውም። አክስቷን አየቻቸው። አሮጊቷ ማንም ያልተቀበላቸውን ኩባያ ራሳቸው እየጠጡ ነው።

ሊዲያ በርጩማ ሳበችና ካሜራው ፊት፣ ከአክስቷ ጎን ተቀመጠች። በሠራቻቸው ፊልሞች ሁሉ መልኳን አሳይታ አታውቅም።

«አታጥፋ» አለችው ኦማርን። ከዚያ ወደ አሮጊቷ ዞረች።

«አክስቴ፣ የተወሰዱት ልጆች ስማቸው ማን ነበር?»