የሕሩይ ቀመር

ባሌ ሕሩይ ደባርቅ ሒሳብ ያስተምራል። ቀመር አገኘሁ ብሎ ናላዬን ሲያዞረው ከረመ። የአስማት ኃይልና ጊዜ ሲባዙ ውጤቱ አይለወጥም ይላል፤ ጸሎተ አስማት በአንድ ሰው ስም ሲደገም ኃይሉ ይበዛል፣ በዚያ ሰው ላይ የሚያልፈው ጊዜ ደግሞ ያንሳል፤ ብዙ ከተደገመ ጊዜው ይቆማል። ስሙ ግን የክርስትና ስሙ መሆን አለበት። አባቱ መሪጌታ ሰይፈ ሥላሴ፣ "ባሕረ ሐሳብ ባስተምረው ጠንቋይ ሆኖ አረፈው" እያሉ ይስቁበት ነበር። እኔ አልሳቅሁም። ድግምት ፈርቶ የክርስትና ስሙን ከሚስቱ የደበቀ ሰው ምኑ ያስቃል?

ነሐሴ ላይ መሪጌታ ዳባት እኛ ቤት እንዳሉ ደከሙ። ሕሩይ ለሥልጠና አዲአርቃይ ወርዶ ነበር። ስደውልለት መኪና ውስጥ ነው፤ የሊማሊሞን ዳገት ሊጀምሩ ነው።

"ኤልሴ፣ በሕይወት አልደርስባቸውም። ጸሎቱን በስልክ ልኬልሻለሁ፤ የክርስትና ስማቸውን መኪና ውስጥ ሰው እየሰማ አልጠራም፤ እሳቸውን ጠይቂና ድገሚው። አባባን አቁሚልኝ።"

"እኔ ድግምት ልደግም?"

"በእናትሽ። ሹፌሩንም ንዳው እያልኩት ነው።"

አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጥሁ። ተነሣሁ፤ ዝናቡን በመስኮት አየሁ፤ ተመልሼ ተቀመጥሁ።

"አባባ፣ የክርስትና ስምዎን ይንገሩኝ። ሕሩይ እስኪመጣ ላቆይዎ ነው።"

ዓይናቸውን ገለጥ አደረጉ። "በዚህ ጉም ነው ሊማሊሞን እሚወጣው?"

"አዎ። ሹፌሩን እያስቸኮለ።"

ፊታቸውን ወደ መስኮቱ መለሱ። ከዚያ፣ "ገብረ ሥላሴ በይ፣ ልጄ። ደጋግመሽ በይ" አሉኝ።

ጉሮሮዬ እስኪደርቅ ደገምሁ። እሳቸው ግን እየደከሙ ሄዱ እንጂ አልቆሙም፤ ማታ አረፉ። ሕሩይንም ቀመሩንም ረገምሁ። እሱ ደግሞ ስልኩ አይሠራም፤ ሌሊቱን ከበር ወደ መስኮት ስል ነጋ።

ጠዋት ለቀስተኛው ሲሰበሰብ ጭቃ በጭቃ ሆኖ ደረሰ። እዬዬ ካለ በኋላ ጓሮ ወሰደኝ።

"ጉም ውስጥ ገባን። ዓይኔን ከድኜ ስገልጥ ነግቷል፤ መኪናውም ከነሰዉ አብሮኝ ቆሞ ነው ያደረው። ከፊታችን ያለው መንገድ ተንዶ ገደል ገብቷል፤ ትንሽ ብንቀድም እኛም አብረን ነበርን። በማን ስም ነው የደገምሽው?"

"በነገሩኝ ነዋ። ገብረ ሥላሴ።"

መሬት ላይ ቁጭ አለ። "እሱ የኔ ነው። የአባባ ኃይለ ሚካኤል ነው።"

ስሙን በመደበቁ በእሱ፣ አልጋቸው ላይ ሆነው ስላታለሉኝ በእሳቸው ተናደድሁ፤ አለቀስሁም። ለቀብር ልንወጣ ስንል፣ ለቀስተኛው እየሰማ፣ "ገብረ ሥላሴ" ብዬ ጠራሁት።

"አቤት" አለኝ።