ዳኛው ያለቀሰበት ትዕይንት

የፊልም ጸሐፊው በመናፍቅነት ስለተወገዘ አንድ የጥንት መነኩሴ ፊልም ሲጽፍ፣ ከመነኩሴው ጋር ስንት ዓመት ኖረ። ሲበላም ሲተኛም እሱን ነው የሚያስበው። ሚስቱ እየሳቀች "ጣውንቴ እንዴት ዋለ?" ትለው ነበር። ፊልሙ የሚተርከው ፊደል ያስቆጠረው መምህሩ ራሱ ዳኛ ሆኖ ስላወገዘው ወጣት መነኩሴ ነው።

ለሌላው ሰው የድሮ ታሪክ ነው፤ ለእሱ ግን የገዛ ቤቱ ጉዳይ ነበር። አባቱ የጸሎት ቤት መሪ ነበሩ። ታላቅ ወንድሙ ከእምነቱ ያፈነገጠ ነገር ማስተማር ሲጀምር ያወገዙት እሳቸው፣ ከቤት ያስወጡትም እሳቸው ናቸው። "ከዛሬ ጀምሮ ስምህ ከአፋችን አይወጣም" አሉት። ወንድሙ በዚያው ወጥቶ ሰው አገር ሞተ። በሩ ከተዘጋ በኋላ አባትየው ግድግዳ ተደግፈው ሲንሰቀሰቁ ያየው፣ ያኔ ልጅ የነበረው ጸሐፊ ብቻ ነው። ስለዚያ ቀን ሁለቱም ትንፍሽ ብለው አያውቁም። ፊልሙ አባቴን ያናግርልኛል ብሎ ነው የለፋው። ለዳኛው የአባቱን ቃል እንዳለ ሰጠው፤ ልቅሷቸውንም ጨምሮ።

ኤዲተሩ፣ መቀስ ነው የሚሉት፣ ፊልሙ ረዘመ አለ። መነኩሴው ወጥቶ ሄዷል፣ የተመልካቹም ልብ አብሮት ሄዷል፤ ሽማግሌው ባዶ ክፍል ውስጥ ሲያለቅስ ማን ቁጭ ብሎ ይጠብቀዋል? ጸሐፊው ትንሽ አንገራገረ። ከዚያ ያለ ልቅሶው አየው፤ በሩ ይዘጋል፣ ወዲያው መነኩሴው የሚሄድበት መንገድ ይመጣል። ያምራል። ሙያ ክፉ ነው፤ ሰው የአባቱን እንባ "ያጓትታል" ብሎ ያስቆርጣል። ለማን ብሎ እንደጻፈው ያን ቀን ጨርሶ ረስቶት ነበር።

ፊልሙ የታየ ዕለት አባባ ከዘራቸውን ይዘው መጡ። ሲኒማ ቤት ገብተው አያውቁም። ዳኛው ያቺን ቃል ሲናገር ልጃቸው በጎን ያያቸዋል፤ ከዘራቸውን እንደያዙ ናቸው። በሩ ሲዘጋ ግን ከወንበራቸው ወደ ፊት ሰገግ ብለው ጠበቁ። መንገዱ መጣ። ቀስ ብለው ወደ ኋላ ተመለሱና እስከ መጨረሻው እንዳቀረቀሩ ቀሩ። ሰዉ ሲያጨበጭብ ልጁ አባቱን ደግፎ አስነሳ።

መኪና ውስጥ፣ ቤታቸው ደጅ ሊደርሱ ሲሉ፣ አባትየው ተናገሩ።

"ያን ቀን ደረጃው ላይ ነበርክ።"

"ነበርኩ፣ አባባ።"

"አይተኸኛል።"

"አይቻለሁ። ጽፌዋለሁ እኮ፣ ተቀርጾም ነበር። ረዘመ ተብሎ ነው የወጣው። ቤት አለኝ፣ አመጣና አሳይዎታለሁ።"

"ለእኔ ምን ያደርግልኛል? እኔማ አውቀዋለሁ።"

መኪናው ቆመ። ልጅየው ሞተሩን አጠፋ። አባትየው በሩን ከፍተው አንድ እግራቸውን መሬት አስነኩና፣ ከዚያን ቀን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ የበኩር ልጃቸውን አነሱ።

"ወንድምህም እንደ መነኩሴው ነው የሄደው" አሉ፤ "ሳያየኝ።"