ማቀዝቀዝ የኔ ሥራ ነው

ፍሪጅ ጠጋኙ የቀናው ሚስቱ ሌላ ወንድ ስላየች አይደለም። ስለ ማቀዝቀዝ ሌላ ወንድ ስለጠየቀች ነው።

ሚስቱ ለሕፃናት ማስተማሪያ የሚሆኑ የሥዕል ፊልሞች ትሠራለች። ሥዕሎቹን ኮምፒውተሯ ላይ አንድ በአንድ ታዘጋጅና፣ ማሽኑ ራሱ አገጣጥሞ ፊልም እንዲያደርጋቸው ትታው ወደ ሌላ ሥራዋ ትሄዳለች። ጉዱ የሚመጣው ያን ጊዜ ነው። ኮምፒውተሩ ዳገት እንደ ወጣ ሽማግሌ ቁና ቁና ይተነፍሳል፣ ፋኑ ያጓራል፣ ከዚያ ድርግም! ፊልሙን ሰኞ ላስረክብ ብላ ቃል ገብታለች፤ ማሽኑ ግን ግማሽ መንገድ እንኳ ሳይደርስ ይጠፋባታል።

«ፕሮሰሰሩ ነው የሚግለው» አለች እራት ላይ። «ሎጋው በውሃ የሚሠራ ማቀዝቀዣ ግዢለት ብሎኛል።»

ሎጋው መሥሪያ ቤቷ ውስጥ የፊልሞቹን ድምፅ የሚቀርጽ ባልደረባዋ ነው። ቁመቱ እንደ ቅጽል ስሙ ነው። ፍሪጅ ጠጋኙ አንድ ጊዜ ብቻ ነው ያየው፤ ያኔም የቤታቸውን በር ጎንበስ ብሎ ሲያልፍ። ከዚያ ቀን ወዲህ በገዛ በሩ ቀጥ ብሎ በገባ ቁጥር ጉበኑን ቀና ብሎ ያየዋል፤ በራሱና በጉበኑ መሃል የቀረው ክፍተት ያናድደዋል።

«ሎጋው?» አለ፣ ያፉን ሳይውጥ።

«ምነው?»

«ምንም። እኔ እዚህ ቤት ምን እንደምሠራ ታውቂያለሽ?»

«ታኮርፋለህ።»

«ከማኩረፍ ሌላ!»

«ፍሪጅ ትጠግናለህ። ኮምፒውተር ፍሪጅ ነው እንዴ?»

«ሙቀት ሙቀት ነው! ከሥጋ ቤት ይውጣ ከኮምፒውተር ይውጣ፣ ማቀዝቀዝ የኔ ሥራ ነው። የሰው ቤት ሁሉ ቀዝቅዞ የኔ ቤት ይቃጠል? ደግሞስ ለሱ ነግረሽ ለኔ ትደብቂያለሽ?»

ሳቀች። ክፋት የሌለበት ሳቅ ነበር። እሱ ግን ያችን ሳቅ ከዚህ በፊት በስልክ ስታወራ የሰማት መሰለውና አንጀቱ ቅጥል አለ። «እኔ ነኝ የምገጥመው» አለ። «ማንም እጁን እንዳያስገባ።»

ቅዳሜ ጠዋት ሱቅ ሄዱ። ሜትሩን ኪሱ ውስጥ ከቷል፣ የኮምፒውተሩንም ሣጥን ቁመትና ወርድ ለክቶ በቃሉ ይዟል። ሻጯ መደርደሪያው ላይ የተደረደሩትን ስታሳያቸው፣ እሱ በቀጥታ ትልቁን ጠቆመ፤ ራዲያተሩ ረጅም፣ ሦስት ፋን የተደረደረበት።

«ሎጋው ባለ ሁለቱ ይበቃል ነው ያለኝ» አለች ሚስቱ።

«ይበቃል የሚል ሰው ሞያ አያውቅም። ሞያ ማትረፍረፍ ነው።»

ሻጯ የኮምፒውተሩ ሣጥን ልኩ ስንት እንደሆነ ጠየቀችው። ነገራት። ሜትሯን ዘርግታ ራዲያተሩን ለካችና ራሷን ነቀነቀች። «የሣጥኑ ጣሪያ ላይ አይገባም።»

«ጎኑ ላይስ?»

«ጎኑ መስታወት አይደል እንዴ?»

«ፊት ለፊትስ?»

ሚስቱ ጣልቃ ገባች። «ፊት ለፊት ፊልሞቼን የማስቀምጥባቸው ዲስኮች አሉ። አውጥቼ የት ላድርጋቸው? ትራስ ሥር?»

ሻጯ ሳቋን ዋጠችና ባለ ሁለት ፋኑን አውርዳ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው። ሚስቱ ስልኳን አየች፣ ካርቶኑን አየች፣ ፊቷ በራ። «ውይ! ሎጋው ፎቶውን የላከልኝ ራሱ ይሄ ነው!»

ፍሪጅ ጠጋኙ ካርቶኑን አገላብጦ ብዙ አየው፤ ጉድለት ፈልጎ አጣበት። «እሱ የላከልሽ ምን ዓይነት ቀለም ነው?»

«ጥቁር።»

«ነጩን አምጪልን» አለ ለሻጯ።

ቤት እንደ ደረሱ ሣጥኑን ጠረጴዛ ላይ አጋድሞ «ፈጣሪ ይርዳኝ» ብሎ ሥራውን ጀመረ። እውነቱን ለመናገር እጁ የተባረከ ሰው ነው። አሮጌውን ማቀዝቀዣ ሳያንገጫግጭ ነቀለ፣ ፕሮሰሰሩን እንደ ሕፃን ፊት ጠረገ፣ ራዲያተሩን ከነፋኖቹ ጣሪያው ላይ አሰረ። የቀረው ፓምፑ ነበር። ፓምፑ ክብ ነው፤ ከላይ የሚያብረቀርቅ ፊት አለው፣ ከሥሩ ደግሞ ፕሮሰሰሩ ላይ ተቀምጦ ሙቀቱን የሚስብ መዳብ።

ፍሪጅ ጠጋኞች ዘንድ ያልተጻፈ ሕግ አለ፤ አዲስ ዕቃ ላይ የተለጠፈውን ስስ ፕላስቲክ ጠጋኙ አይነካም። የሚልጠው ባለቤቱ ነው። ያቺ ቸርርር የምትል ድምፅ የባለቤቱ ደስታ ናትና፣ ይህን ደስታ የሚቀማ ጠጋኝ ሁለተኛ አይጠራም። እሱም ዘመኑን ሙሉ እጁን እንዲህ አስለምዶታል። ዓይኑ ፕላስቲክ ሲያይ አልፎ ይሄዳል።

ቢሆንም በሌላ ቀን ቢሆን ኖሮ መዳቡን በጣቱ ዳበስ ያደርገው ነበር። ያን ጊዜ ግን ከወዲያኛው ክፍል ሚስቱ በስልክ ስታወራ ሰማ።

«እየገጠመው ነው … አይ፣ ራሱ ነው … ኧረ አታስቀኝ!»

ምን ብሎ ነው የሚያስቃት? እጁ ፕሮሰሰሩ ላይ ሙቀት የሚያስተላልፈውን ቅባት ጠብ አደረገ፣ ጆሮው ግን ግድግዳውን ተሻግሮ ሄዷል። ፓምፑን አስቀመጠ፣ ብሎኖቹን አጠበቀ። አንዷን ብሎን ከሚገባው በላይ አጠበቃት።

ሲጨርስ ሚስቱን ጠራትና የላይኛውን ፕላስቲክ አስላጣት። ቸርርር! እንደ ልጅ ፈነደቀች። ኮምፒውተሩ ተከፈተ፣ ፊልሙ መገጣጠም ጀመረ፣ ሙቀቱን የሚያሳየው ቁጥር ደግሞ ሰማንያ አለ፣ ዘጠና አለ፣ መቶ ሊሞላ ጥቂት ሲቀረው ድርግም አለ።



«ዕቃው ነው» አለ ቶሎ ብሎ። ሲናገረው በሆዱ አንዳች የደስታ ነገር ሽው አለበት። «ያ ልጅ የመረጠልሽ ዕቃ ነው። እኔማ ትልቁን ብዬ ነበር።»

ሚስቱ ለሎጋው ልትደውል ስልኳን አነሳች።

ሎጋው ብዙ አልቆየም። ጉበኑን ጎንበስ ብሎ አለፈና ቆሞ እጅ ነሣ። «እንዴት ዋሉ ጋሼ?»

በመካከላቸው «ጋሼ» የሚያስብል የዕድሜ ልዩነት አልነበረም። «አንተ በለኝ» አለው ፍሪጅ ጠጋኙ።

«ኧረ እንዴት ተደርጎ ጋሼ!»

ሣጥኑን ከፈቱ። ሎጋው በስልኩ መብራት ያበራለታል፣ ሚስቱ ከኋላ ቆማ ጥፍሯን ትበላለች። ፍሪጅ ጠጋኙ ፓምፑን ነቅሎ ገለበጠው። ያን ጊዜ አየ። መዳቡ ላይ ፕላስቲኩ እንዳለ ተለጥፏል፤ ቅባቱ ሁሉ የተጨመላለቀው ፕላስቲኩ ላይ ነው።

ላብ አጠመቀው። ማሽኑን ላስቲክ አልብሶ ነው ቀዝቅዝልኝ ያለው! ሶፍት አነሣ፣ የሚጠርግ መስሎ ፕላስቲኩን ከነቅባቱ ላጠውና ጨምድዶ ኪሱ ከተተው።

«ቅባቱ ደርቆ ነው?» አለ ሎጋው።

«ደርቆ ነው።»

«እንግዲያው አዲስ እናድርግበት። ብሎኑን እኔ ላጥብቅልዎ፣ እርስዎ ደክመዋል።»

ፍሪጅ ጠጋኙ ኪሱን በአንድ እጁ ሸፍኖ ካቻቢቴውን ሰጠው። ሎጋው አንዱን ብሎን፣ ከዚያ በማዶ ያለውን እያለ በየተራ አጠበቀ። ከፈቱት። ቁጥሩ ስልሳን ጥቂት አለፍ ብሎ ቆመ፤ እዚያው ረጋ። ፓምፑ ጆሮ ላልሰጠው የማይሰማ ለስላሳ ድምፅ ያሰማል።

«እጅህ ይባረክ!» አለች ሚስቱ። ለሎጋው። «ገና ስትነካው እኮ ነው የተስተካከለው!»

«እኔ ምን ሠራሁ? ጋሼ ናቸው» አለ ሎጋው አንገቱን ሰበር አድርጎ፣ ተሰናብቶም ወጣ።

ትሕትናው ከቁመቱ ይብስ ነበር። ፍሪጅ ጠጋኙ ተቀመጠ። እንዳያፍር የሸሸገው ነገር ሎጋውን ሾመለት። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት ይኸው ነው። ሚስቱ ደግሞ አላቆመችም፤ «እጁ እኮ የሆነ ነገር አለው» ትላለች። «ረጋ ያለ ነው። ድምፅ ሲቀርጽም እንደዚሁ ነው …»

እስከዚህ ታገሠ። «የሆነ ነገር የለውም!» ብሎ ተነሣ። «ፕላስቲኩን ሳልልጥ የገጠምኩት እኔ ነኝ! የላጥኩትም እኔ! ያስተካከልኩት እኔ ነኝ እንጂ እሱ አይደለም!» ኪሱን ገልብጦ የጨመደደውን አሳያት።

ሶፍቱን አየች፣ እሱን አየች። «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» አለች ቀስ ብላ። «ልጁን ያለ ጥፋቱ መጥፎ ዕቃ መረጠ ብለህ አምተኸው፣ እውነቱን ኪስህ ውስጥ ይዘህ ዝም አልክ?»

 ቅናቱ እንዲናገር ገፋፍቶት ነበር፤ ኀፍረቱ ግን አሁን ገና መድረሱ ነው።

«ደውልለት» አለች፣ ስልኩን ስፒከር ላይ አድርጋ ዘርግታለት። «እየሰማሁ።»

ደወለ። ነገሩን ሁሉ እንደ ሆነው ተናገረ። 

«አይቼዋለሁ እኮ ጋሼ» አለ ሎጋው።

«ምኑን?»

«ፕላስቲኩን። መብራት ሳበራልዎ አብረቀረቀ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልክ?»

«በገዛ ቤትዎ፣ በባለቤትዎ ፊት ምን ልበል? ነውር አይደል?»

ሚስቱ እጇን አፏ ላይ አደረገች፤ ዓይኖቿ እንባ አቀረሩ። ፍሪጅ ጠጋኙ ይህን አየ። ምናለ ክፉ ሰው ቢሆን ኖሮ! ክፉ ቢሆን እኮ በሰላም ይጠላው ነበር። «ተባረክ» አለው በስልኩ፣ እንደ ምንም።

ሥዕሎቹ እየተገጣጠሙ ነው፤ ቁጥሩም ንቅንቅ አላለም። ሚስቱ ወንበሯን ከኮምፒውተሩ ፊት ስባ ተቀመጠች። አላኮረፈችም፤ ግን አልሳቀችለትምም። እሱ ከጎኗ ቆሞ እጆቹን አጣጠፈና እንደ ልማዱ በለሆሳስ ጸለየ።

«ፈጣሪዬ ተመስገን። ሥራዋን ለሰኞ አድርስላት።» ቀጥሎ የሚለው ከበደው፤ ቢሆንም ጥርሱን ነክሶ አለው። «ለዚያም ልጅ ዕድሜና ጤና ስጠው።»

ትንሽ አሰበና ጨመረ። «ሚስትም ስጠው። ቶሎ።»