የባባ ሳቢር ተራራ

የከፊል ሰበብ ለኔ አታውሩልኝ። ሪያድ ስኖር ያልሰማሁት ሰበብ የለም። ከፊል፣ አሠሪሽም ዋስሽም የሆነው ሰው፣ አገርሽ እንዳትሄጂ ከፈለገ ምክንያት አያጣም፤ ፓስፖርትሽ ቢሮ ነው፣ ቲኬት ተወደደ፣ ረመዳን ደረሰ፣ ማማ ልትወልድ ነው። የድሮዋ ማዳሜማ ድመቷ ታመመች ብላ አስቀርታኛለች። ድመቷ ዳነች፣ እኔ ቀረሁ። ተራራ ፈነዳ ያለኝ ግን የአሁኑ ከፊሌ ባባ ሳቢር የመጀመሪያው ነው።

ሐሙስ ከምሳ በኋላ ነበር። ሱለይማኒያ ሰፈር ባለው ቤቱ፣ ክፍሌ ውስጥ ሻንጣዬ ላይ ተቀምጬ ከዚፑ ጋር እታገላለሁ። ባባ ሳቢር በሩ ላይ ቆሞ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ወርቅነሽ፣ የነገው አውሮፕላንሽ አይነሳም። አገርሽ ውስጥ፣ አፋር በኩል፣ እሳተ ገሞራ ፈንድቷል። አመዱ ቀይ ባሕርን እየተሻገረ ነው።»

«ኢንሻአላህ» አልኩት። እዚህ አገር ይሄ ቃል ብዙ ነገር ይሸከማል። በዚያን ቀን ያሸከምኩት «ውሸታም» የሚለውን ነበር።

እሑድ ባቲ ላይ የእህቴ የሃፍሳ ኒካህ ነው። እናትና አባታችን ከሞቱ በኋላ ያሳደግኳት እኔ ነኝ። ሹሩባ ሠርቼ ትምህርት ቤት የሸኘኋት እኔ፣ ባሕር ተሻግሬ የሰው ወለል የወለወልኩትም ለሷ ብዬ ነው። እሷም «እትዬ ሳትመጣ አላገባም» ብላ ሰርጉን ሁለት ጊዜ አስተላልፋለች፤ አንዴ በድመቷ፣ አንዴ በረመዳን። እጮኛዋ ታጋሽ ልጅ ነው። የሱ ሽማግሌዎች ግን ከእሑድ አያልፍም ብለው ቆርጠዋል። ካልደረስኩ እህቴ እኔ በሌለሁበት ትዳራለች። ይሄ ነው አንጀቴን ያቃጠለው።

ስልኬን አነሳሁና ለሰፈሩ ሴቶች ግሩፕ ድምፄን ላክሁ። «እህቶቼ፣ ስሙልኝ። ከፊሌ እንዳልሄድ ብሎ ተራራ አፈንድቷል።»

ጎረቤት ቪላ የምትሠራው ዲና ወዲያው መለሰች። «የኔዋም ማዳም ስለ ተራራ ስታወራ ሰማኋት። ወላሂ እህቴ፣ ተማክረዋል።»

ከዚያ ማን ያስቁመን። አንዷ «ነገ ደግሞ ባሕሩ ደረቀ ይሉናል» አለች። ሌላዋ ኤምባሲ ሂጂ አለችኝ። ምን ብዬ እንደምከስ ግን አልነገረችኝም።

እውነት ለመናገር ባባ ሳቢር ክፉ ሰው አይደለም። የመውጫ ወረቀቴን፣ ኹሩጁን፣ ሳልለምነው ነው ያስጨረሰልኝ። መሥሪያ ቤቱ ለአውሮፕላኖች የአየሩን ሁኔታ ይከታተላል። ሥራው ከሰማይ የተነሳ የደመና ፎቶ ሲያይ መዋል ነው፤ እኔም በሆዴ «ይሄም ሥራ ሆኖ» እል ነበር። ግን እባብ ያየ በልጥ በረየ።

ሳሎን ጠርቶ ላፕቶፑን አሳየኝ። ካርታው ላይ አንድ ቡናማ ጭረት ከአፋር ተነስቶ ባሕሩ ላይ ተጋድሟል።

«ደመና ነው» አልኩ።

«አመድ ነው።»

«አመድስ ቢሆን? እዚህ አቧራ ስጠርግ ነው የምውለው። አውሮፕላኑ መቼ ቀረ?»

አልተቆጣም። «ይሄ የተፈጨ ድንጋይ ነው። ሞተር ውስጥ ሲገባ ይቀልጥና ይጣበቃል። ስኳር ያሳረርሽበት ድስት ትዝ ይልሻል? ልክ እንደሱ፤ ግን ይሄኛው ድስት ሰማይ ላይ ነው፣ አንቺም ውስጡ ነሽ። የአውሮፕላኑ ራዳር አመዱን አያየውም። እኛ ነን በሳተላይት እያየን በዚህ አትለፉ የምንላቸው።»

ድስቷን ማንሳቱ አናደደኝ። ቆይ አሳይሃለሁ አልኩ። ወንድሜ ሙሀባው የጨው መኪና ሹፌር ነው፤ አፍዴራ ወርዶ እየጫነ ይመላለሳል። አፋር ውስጥ ተራራ ፈንድቶ እሱ የማይሰማበት ምክንያት የለም። በዚያ ሳምንት ደግሞ ከሰርጉ በፊት አንድ ጭነት ላድርስ ብሎ እዚያው ነበር። ባባ ሳቢርን ላሳፍረው ስልኬን ድምፅ ማጉያው ላይ አድርጌ ደወልኩ።

«የደወሉላቸው ደንበኛ ከአገልግሎት መስጫ ክልል ውጪ ናቸው።»

ደገምኩ። አሁንም ሴትዮዋ ናት። ባባ ሳቢር አማርኛ ባያውቅም ፊቴን ያነብ ነበር።

«ወንድምሽ የት ነው ያለው?»

«አፍዴራ።»

ካርታው ላይ ፈለገው። ጣቱ ያረፈችው ቡናማው ጭረት ከሚጀምርበት አጠገብ ነው። ሚስቱ ሰው የማታስቀምጥበት ሶፋ ላይ ተቀመጥኩ። በዕድሜዬ ለመጀመሪያ ጊዜ አላህን «ከፊሌን ውሸታም አድርግልኝ» ብዬ ለመንኩት። ባባ ሳቢር ሰው ሞተ የሚል ወሬ እስካሁን አልደረሰንም አለኝና ሄዶ ሻይ አፈላልኝ። ሻዩ ውሃ ነበር። ጠጣሁት።

አርብ ከጁምዓ ሶላት በኋላ ስልኬ ጮኸ፤ ሙሀባው ነው።

«እትዬ፣ አለሁ። ከወፍጮ ቤት የወጣሁ መስያለሁ እንጂ አለሁ።»

አለቀስኩ። እሱ እየሳለ ይስቃል። እንደነገረኝ ድንገት መሬቱ ጓ አለ፣ ቀኑ ጨለመ፣ ሹፌሮቹ እርጥብ ጨርቅ አፍንጫቸው ላይ አድርገው ጋቢና ውስጥ ተቃቅፈው አደሩ። አሁን ሣሩ ሁሉ አመድ ለብሷል፣ ፍየሎቹ የሚቀምሱት አጥተዋል፣ መንገዱ እስኪከፈት ሹፌሮቹ በመኪናቸው ለአርብቶ አደሮቹ ውሃ ያመላልሳሉ። ባባ ሳቢር ከሰማይ ሆኖ ሲያየው ነበር አልኩት።

«ታዲያ ለአውሮፕላኑ ከደወለ ለኛም አይደውልም ነበር?»

ይሄን ለባባ ሳቢር ተረጎምኩለት። ላፕቶፑን ዘጋ። «እውነቱን ነው» አለ። «እኛ የምናየው ከወጣ በኋላ ነው። ሊፈነዳ መሆኑን ቀድሞ ለማወቅ ከተራራው ሥር መሣሪያ መትከል ያስፈልጋል። የሚከታተለው አልነበረም።» ከዚያ ወዲያ ስለ ሥራው በሆዴም አልቀለድኩም።

«ሰርጉስ?» አልኩት ሙሀባውን።

«አባታችን የለ፣ የሃፍሳ ወሊይ፣ ዳሪዋ፣ እኔ ነኝ። ያለ ወሊይ ደግሞ ኒካህ አይታሰርም። ሽማግሌዎቹ በስልክ ሰው ወክል ብለውኝ ነበር፤ ኔትወርኩ እየተቆራረጠ አልሰማ አለኝ። እንግዲህ እስክመጣ ይጠብቁ።»

ጭረቱ ወደ ምሥራቅ ተጠርጎ ሲያልቅ ባባ ሳቢር ራሱ ኤርፖርት አደረሰኝ። መንገድ ላይ ለግሩፑ ድምፅ ላክሁ። «እህቶቼ፣ ተራራው እውነት ነው። ድመቷ ግን አሁንም ውሸት ናት።»

ሻንጣዬን እያወረደ «ከዚህ ወደ ሥራ ነኝ» አለኝ። «እስክትደርሺ መንገድሽን አያለሁ።»

«ኢንሻአላህ» አልኩት። አሁን ምንም አላሸከምኩትም።

ባቲ ስደርስ የሙሀባው መኪና ድንኳኑ አጠገብ ቆሟል። ከላይ እስከ ታች ግራጫ ነው። እሱም አዲስ ሸሚዝ ለብሷል፣ ቅንድቡ ግን አልታጠበም።

«ያን ቀን ኔትወርኩ እንደዚያ ሆነ?» አልኩት። «ከኔ ጋር ስታወራ እኮ ጥርት ያለ ነበር።»

ሽማግሌዎቹ ወደተቀመጡበት ዞር ብሎ አየና ድምፁን ዝቅ አደረገ። «የሽማግሌዎቹን ሳል ሳይቀር እሰማ ነበር። እትዬ፣ እኔ የሃፍሳን ኒካህ አንቺ ሳትኖሪ አላስርም።»

የሻሼን ጫፍ በምራቄ አርጥቤ ቅንድቡ ላይ የቀረውን አመድ ጠረግኩለት። ሰበብ ስንቴ አስቀርቶኛል፤ የጠበቀኝ ይሄ ብቻ ነው።