በቀጋው ሻይ ውስጥ

ታላቅ እኅቴ ኪኒን አይውጡም። ባለቤታቸው በየቀኑ አሥራ አንድ ኪኒን እየዋጡ ከሞቱ ወዲህ፥ «ሰውዬውን የጨረሰው በሽታው ሳይሆን ብልቃጡ ነው» የሚል የማይናወጥ እምነት ይዘዋል። ከዚያ በኋላ የሚያምኑት በዓይናቸው አይተው በእጃቸው የለቀሙትን ብቻ ሆነ፤ ጦስኝ፥ ናና፥ ዝንጅብል፥ ከሁሉም በላይ ግን ቀጋ።

ስለዚህ ሐኪሙ የደም ግፊታቸውን ለክቶ ፊቱ ሲጠቁር፥ የምይዘውና የምጨብጠው ጠፋኝ። «ይህን ኪኒን በየጠዋቱ ካልወሰዱ አንድ ቀን ግማሽ ሰውነታቸው ይያዛል» አለኝ፤ በር ዘግቶ፥ ለእኔ ብቻ። እትዬን ሦስት ጊዜ ለመንኋቸው። ሦስት ጊዜም «አንተ ልጅ፥ ወደ ባሌ ልትሸኘኝ ቸኩለሃል?» ብለው ሳቁብኝ። በሰባ አንድ ዓመቴ ዛሬም «አንተ ልጅ» የሚሉኝ እርሳቸው ብቻ ናቸው፤ እናታችን ስትሞት አዝለው ያሳደጉኝ በመሆናቸው መብታቸው ነው።

በአራተኛው ሳምንት፥ አርባ ዓመት በመምህርነትና በርእሰ መምህርነት ሳገለግል የአንድ ተማሪ ውሸት እንኳ በዝምታ አልፌ የማላውቅ ሰው፥ ኪኒኑን በትንሿ የነሐስ ሙቀጫ አድቅቄ በሻያቸው ውስጥ ጨመርሁት።

የቀጋ አዘገጃጀት ሥርዓት አለው። ፍሬው ለሁለት ይሰነጠቅና ዘሩ ከነጸጉሩ በማንኪያ ጫፍ ይወጣል፤ ያ ጸጉር ጉሮሮ ውስጥ ከገባ ቀኑን ሙሉ ሲኮረኩር ይውላል። የቀረው ሥጋው በጥላ ይደርቃል። ሥራ ሥርና ቅርፊት እሳት ላይ ቆይቶ ይንተከተካል፤ ቀጋ ግን እትዬ እንደሚሉት ከተንተከተከ ይሞታል። የፈላው ውኃ ከእሳት ወርዶ ትንፋሹን ከሰበሰበ በኋላ ይፈስስበታል፤ ተከድኖም ይቆያል፤ በስስ ጨርቅም ሁለት ጊዜ ይጠለላል። እኔ በዚህ ላይ የራሴን ሥርዓት ጨመርሁ፤ ከሁለተኛው ማጥለል በኋላ ዱቄቱ፥ ከዱቄቱም በላይ አንድ ማንኪያ ማር። የቀጋው ኮምጣጣነት የኪኒኑን ምሬት ሸፈነልኝ።

በመጀመሪያው ወር ግፊታቸው ወረደ። እትዬም ለጎረቤቱ ሁሉ «ሐኪሙ ይምጣና ከእኔ ይማር!» እያሉ ኮሩ። እኔም፥ እውነቱን ልናገርና፥ በውሸቴ ኮራሁ። ከዚያ በኋላ ግን በቤት ባለችን መለኪያ በየጠዋቱ የማየው ቁጥር እንደ ገና መውጣት ጀመረ። ምክንያቱ ሊገባኝ አልቻለም። ቀጋው ያው፥ ኪኒኑ ያው፥ እጄ ያው። ሐኪማችን ዕረፍት ወጥቷል፤ ሌላ ሐኪም መጠየቅ ደግሞ የሠራሁትን መናገር ነበር። እንቅልፍ አጣሁ። ማንንም ሳላማክር፥ ከሰኞ ጀምሮ በአንድ ኪኒን ፈንታ ሁለት ማድቀቅ ያዝሁ።

ዓርብ ጠዋት ጋዜጣዬን ገዝቼ ስመለስ፥ እትዬ መቀመጫቸውን አስጠግተው ጆሯቸውን ወደ ግድግዳው ዘንበል አድርገው አገኘኋቸው።

«ዛሬ የልጅቷ መኪና አይሰማም» አሉኝ።

ልጅቷ የሚሏት ከግድግዳው ማዶ የምትኖረውን ልብስ ሰፊ ነው። የሰባት ወር ነፍሰ ጡር ናት፤ ባሏ የጭነት መኪና ሹፌር ስለሆነ ከወሩ ሃያውን ቀን መንገድ ላይ ነው። የስፌት መኪናዋ በማለዳ ተነሥቶ ግድግዳችንን ሲያንቀጠቅጥ ይውላል።

«ተኝታ ይሆናል» አልሁ።

«እሷ? ጨርቅ ከተቀበለች እኮ ምጥ ቢመጣ እንኳ ‹ቆይ፥ ክፈፉን ልጨርስ› የምትል ናት። ትናንት ራሴን ያዞረኛል ስትል ነበር። ቅድም ኩባያውን ሳደርስላትም ከወንበሯ አልተነሣችም።»

«የምን ኩባያ?»

እትዬ ስኳር ስትሰርቅ እንደ ተያዘች ሕፃን ፈገግ አሉ።

«በል እንዳትቆጣ። ሻይህን ነዋ! እኔማ ዳንኩ፤ የዳነ ሰው መድኃኒት ሲጠጣ ግፍ ነው። እሷ ሁለት ነፍስ ተሸክማ ቀኑን ሙሉ ጎብጣ ትውላለች። አንተ ለጋዜጣህ ስትወጣ እኔ በጓሮ በር እወጣለሁ።»

«ከመቼ ጀምሮ?»

«ሁለት ሳምንት ቢሆነው ነው።»

«ሙሉውን?»

«አንድ ፉት ለእኔ፥ ሌላው ለእሷ። ምነው? የዱር ፍሬ አይደል እንዴ? ማንን ገድሎ ያውቃል? አንተ ልጅ፥ ፊትህ ምነው አመድ መሰለ?»

የማነብበውን ነገር የማልረሳ ሰው ነኝ። በኪኒኑ እሽግ ውስጥ ተጣጥፋ በነበረችው ወረቀት ላይ «ነፍሰ ጡር ሴት እንዳትወስደው» የሚል መስመር ነበር። መጀመሪያ ሳነብበው፥ እትዬ ሰባ ዘጠኝ ዓመታቸው ነውና ፈገግ ብዬ አልፌው ነበር።

«ልያት» ብዬ እሽጉን በኪሴ ከትቼ ወጣሁ። ከበራችን እስከ በሯ ዐሥር እርምጃ አይሞላም። በዚያች ርቀት ውስጥ ግን አእምሮዬ ያሰበው የልጅቷን ነገር ብቻ አልነበረም። «ሻዩን ብቻ አስጥላት፤ ማንም ሳያውቅ ያልፋል» የሚል ድምፅም በውስጤ ተናገረ። ይህን የምጽፈው ስለማፍርበት ነው።

ግንባሯን በስፌት መኪናው ላይ አስደግፋ አገኘኋት። ኩባያው አጠገቧ ነበር፤ ባዶውን።

«አባባ፥ እትዬ የሚያደርሱልኝ ሻይዎ ነው እኮ ያቆመኝ» አለች ለመነሣት እየሞከረች፤ መልሳ ተቀመጠች። «ዛሬስ እሱም አላቆመኝ።»

«ልጁ ይንቀሳቀሳል?»

«ትናንት ማታ እንደ ልማዱ ሲራገጥ ነበር። ዛሬ ዝም ብሏል። እንደ አባቱ እንቅልፋም ሊሆን ነው መሰለኝ።»

ሳቀች። ታክሲ አስቁሜ ወደ ሆስፒታል ወሰድኋት። በመንገድ ላይ «አባባ፥ እንዲህ እየተቸገሩልኝ…» እያለች ስታመሰግነኝ፥ አፌን እከፍትና እዘጋዋለሁ። ከፊታችን የቆመ መኪና ሁሉ ሆን ብሎ የቆመብን መሰለኝ። ሹፌሩን «ፍጠን እንጂ ወንድሜ!» ብል፥ «አባት፥ ክንፍ ልትተክልልኝ ነው?» አለኝ።

አዋላጅዋ ነርስ ፈጣን እጅና የደከመ ዓይን ያላት ሴት ናት። የልጅቷን ግፊት ለካች፤ ቁጥሩን አይታ እንደ ገና ለካች።

«በጣም ወርዷል። የምትወስጂው መድኃኒት አለ?»

«ምንም።»

«ምንም? ከሰው ቤት የተሰጠሽ፥ ከሱቅ የገዛሽው?»

«ኧረ ምንም! የቀጋ ሻይ ብቻ ነው የምጠጣው።»

«ቀጋማ ምን ያደርጋል» አለች ነርሷ እየጻፈች። «ድካም ነው፥ እህቴ። ውኃ በደንብ ጠጪ፤ ቤትሽ ገብተሽ ተጋደሚ። ነገ ካልተሻለሽ ትመለሻለሽ።»

ልጅቷ ጫማዋን በእግሯ መፈለግ ጀመረች። እስከ ነገ ድረስ፥ አልሁ በልቤ።

«ሻዩ ውስጥ መድኃኒት አለ» አልሁ።

ነርሷ ብዕሯን አቆመች።

«ምን አሉ፥ አባት?»

«የደም ግፊት ኪኒን ነው። ለእኅቴ እያደቀቅሁ የምጨምረው እኔ ነኝ፤ እርሳቸው አያውቁም። ይህች ልጅም አታውቅም። ሁለት ሳምንት ሆኗታል። ከሰኞ ወዲህ ደግሞ ሁለት ሁለት ነው።» እሽጉን ከኪሴ አውጥቼ በጠረጴዛው ላይ አኖርሁት።

ነርሷ አንብባው አልተቆጣችኝም። በሩን ከፍታ በኮሪደሩ ላይ «ዶክተር!» ብላ ተጣራች። ቁጣዋ ይሻለኝ ነበር።

ልጅቷ አየችኝ።

«አባባ» አለች፥ «እኔ እኮ በጠጣሁ ቁጥር እጅዎን እመርቅ ነበር።»

አስተኟት። የማዳመጫውን መሣሪያ በሆዷ ላይ ወዲህና ወዲያ ሲያንሸራትቱ የሚሰማው እንደ ነፋስ ያለ ሹክሹክታ ብቻ ነበር። በግራ በኩል ፈለጉ፤ የለም። ወደ ታች ወረዱ፤ የለም። ልጅቷ የአልጋውን ብረት ጨብጣ ትንፋሽዋን ይዛለች። እኔ በበሩ አጠገብ ቆሜ መጸለይ እንኳ አፈርሁ። ከዚያ በስተቀኝ፥ ከጎድኗ ሥር፥ ፈጣን ትርታ ተሰማ።

ሐኪሙ ወደ ኮሪደሩ አወጣኝ። «ልቡ ይመታል» አለኝ፤ «ነገር ግን የእንሽርት ውኃው ቀንሷል። መድኃኒቱ ከሰውነቷ ሲወጣ ይመለስ እንደ ሆነ ተኝታ እንጠብቃለን። ካልተመለሰ ያለ ጊዜው ለማውጣት እንገደዳለን። እንግዲህ ቀኑ ይንገረን።»

ቤት ስገባ እትዬ በሩ ላይ ቆመው ነበር። ተማሪዎቼ በፊቴ እንደሚቆሙት፥ እጄን ወደ ኋላ አጣምሬ ቆምሁና ሁሉንም ነገርኋቸው።

«እንግዲያ ያዳነኝ ቀጋው አይደለም?» አሉ ስጨርስ።

«አይደለም፥ እትዬ።»

«አርባ ዓመት ሙሉ የሰውን ልጅ ‹አትዋሽ› ስትል የኖርክ…»

«ሦስት ጊዜ ለምኜዎት እምቢ ቢሉኝ ነው።»

«ሦስት ጊዜ!» አሉ። «ለአንድ ሰነፍ ተማሪ ስንት ጊዜ ነበር የምትደግምለት? ለእኔ ሲሆን ሦስት በቃህ? ባሌን እንዴት እንደ ቀበርኩት አንድ ቀን ቁጭ ብለህ ጠይቀኸኛል? የምፈራውን ጠይቀኸኛል?»

አልጠየቅኋቸውም ነበር።

«ኩባያውንስ በእጄ ያደረስኩት እኔው ነኝ» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። ከዚያም እጃቸውን ዘረጉ። «አምጣ ያን ኪኒን። አንዱን ብቻ፤ ሁለት ብትሰጠኝ ወዮልህ።» በቀዝቃዛ ውኃ ዋጡት፤ ፊታቸውንም አኮማተሩ። «ላንተ ብዬ እንዳይመስልህ። ልጅቷን ላስታምም ስሄድ መንገድ ላይ እንዳልወድቅባት ነው። ሹራቤን አቀብለኝ።»

ከዚያን ቀን ጀምሮ እትዬ በየጠዋቱ ወደ ሆስፒታሉ ይሄዳሉ፤ እኔም አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ቀርቼ እከተላለሁ። እርሳቸው ወደ ክፍሉ ሲገቡ እኔ በኮሪደሩ አግዳሚ ወንበር ላይ እቀመጣለሁ። ግባ ያለኝ የለም። በመጀመሪያው ቀን የላክሁት ብርቱካን ሳይነካ ተመለሰ። ባሏ በሦስተኛው ቀን ከመንገድ ደርሶ በፊቴ አለፈ፤ ብድግ ብዬ ቆምሁለት፤ እርሱ ግን አላየኝም፥ ወይም አይቶ ማየት አልፈለገም። በየማለዳው ውኃውን ይለኩታል። በሩ ሲከፈት ልቤ ይወድቃል፤ ሲዘጋም እንደ ወደቀ ይቀራል። በአምስተኛው ቀን «ያው ነው» አሉ። በስድስተኛውም «ያው ነው» አሉ፤ ሐኪሙም ቀዶ ጥገና ስለሚሠራበት ቀን ከነርሷ ጋር ሲነጋገር ሰማሁ።

በስምንተኛው ቀን ረፋድ ላይ በሩ ተከፍቶ እትዬ ብቻቸውን ወጡ። ከአግዳሚው ላይ ተነሣሁ።

«ውኃው ተመልሷል» አሉኝ። «ሙሉ በሙሉ አይደለም፤ ግን በቂ ነው ብሏል ሐኪሙ። ልጁ እስከ ቀኑ ድረስ እዚያው በሆዷ ይቆያል።»

እትዬ ክርኔን ያዙኝ።

«ልታይህ ትፈልጋለች። ግን አንድ ነገር ብላለች።»

«ምን አለች?»

«ባዶ እጁን ይግባ ብላለች።»

ጋዜጣዬን እንኳ በወንበሩ ላይ ትቼ ገባሁ።