ብቻቸውን

ማናለብሽ አምስተርዳም ካለው የቢልመር ሰፈር ራይስዋይክ፣ ሽባባው ቤት ድረስ፣ የኔዘርላንድ ኢሚግሬሽንን ደብዳቤ በእጇ እንደያዘች መጣች። ካፖርቷን እንኳ ሳታወልቅ፦

«ሽቤ፣ እማዬ ከማን ጋር ነው የሚኖሩት?» አለችው።

«ብቻቸውን ነዋ!»

«እዚህ ግን ከሌሎች ሰዎች ጋር ነው የሚለው።»

ሽባባው መነጽሩን ጠርጎ ሁለት ጊዜ አነበበ። አገር ቤት ሳለ አሥራ ስምንት ዓመት ኮምቦልቻ ሜትሮሎጂ ጣቢያ ሠርቷል። ዓይኑን ከሜርኩሪው ጫፍ ጋር ካላስተካከለ የሚመዘግበው ሙቀት ውሸት እንደሚሆን ያውቃል። የሰው ሰነድ ሲተረጉምም እንዲያው ነበር የሚጠነቀቀው።

ደብዳቤው እንዲህ ይላል፦ በቀረበው የእንግሊዝኛ ትርጉም መሠረት በቤቱ የሚኖሩት ከአንድ ሰው በላይ ናቸው። ስለዚህ እናትየዋ ጧሪ የላቸውም፣ ወደ ልጃቸው መምጣት አለባቸው የሚለው ጥያቄ ተቀባይነት አላገኘም።

ሽባባው ወዲያው ገባው። የቀበሌው ወረቀት «ወይዘሮ አበባይሽ ዓይናቸው ደክሟል፤ ብቻቸውን ይኖራሉ» ነበር የሚለው። እሱ «ይኖራሉ»ን የተረጎመው «ዜይ»፣ ማለትም «እነሱ»፣ ብሎ ነው።

ያኔ ሲተረጉመው ሮተርዳም ተወልዶ ያደገው የእህቱ ልጅ ቃልአብ ወረቀቱን አይቶ ስቆበት ነበር።

«አንተ፣ እኚህ ሴትዮ ስንት ናቸው?»

«አንድ።»

«ታዲያ ‹ሺ› በላ!»

«‹ሺ› እሷ ማለት ነው። የሰማንያ ዓመት እናት እሷ ይባላሉ? ደግሞ የዛሬ እንግሊዝኛ ‹ዜይ›ን ለአንድ ሰው ይፈቅዳል። መዝገበ ቃላት ገልጠህ እይ።»

«ለአክብሮት መሰለህ እንዴ? ወንድ ይሁን ሴት ላልታወቀ ነው። ወይ እሱም እሷም አትበሉኝ ላለ ሰው። አንተ ሴትዮዋን ማኅበር አደረግካት!»

«አደረግካቸው በል» ብሎ አረመው። ልጁ አፍሮ «አደረግካቸው» ሲል ክርክሩን የረታ መሰለው።

«አስተካክዬ ይግባኝ እንላለን» አላት አሁን፣ ማናለብሽን። በዚያው ሳምንት «ሺ» ብሎ እንደገና ተረጎመ፤ ስለ አማርኛ አንቱታም ሁለት ገጽ ማብራሪያ አያያዘበት።

ከሰባት ሳምንት በኋላ ዘ ሄግ ተጠሩ። ጉዳዩን የምትመረምረው ሴት ሁለቱን ትርጉሞች ጎን ለጎን ዘርግታለች። ድምፅዋ ትሁት ነው።

«ጥያቄው ውድቅ የሆነባት ቃል ብቻ ናት የተለወጠችው። የመጀመሪያው ትርጉም ስህተት ነበር?»

ማናለብሽ ከጠረጴዛው በታች ጉልበቱን ነካችው። አዎ ማለት ብቻ ነው የሚፈለግበት። አዎ፣ ስህተት ነበር።

ሽባባው አሰበ። በሕይወቱ ያላነበበውን ቁጥር መዝገብ ላይ ጽፎ አያውቅም።

«ስህተት እንኳ አይባልም» አለ። «በዛሬ እንግሊዝኛ ትክክል ነው። ግን...»

«ትክክል ነው» አለች ሴትየዋ እየጻፈች። ከ«ግን» በኋላ የተናገረውን ሁሉ አዳመጠችው፤ ብዕሯን ግን አስቀምጣለች።

ውሳኔው በወሩ መጣ። የመጀመሪያው ትርጉም ትክክል መሆኑን ተርጓሚው ራሱ አረጋግጧል፤ ይግባኙን አልተቀበልነውም ይላል። ጠበቃው ከዚህ በላይ የሚኬድበት መንገድ እንደሌለ ነገራቸው።

ከጠበቃው ቢሮ ወጥተው ትራም ማቆሚያው ላይ ቆሙ። የማናለብሽ ስልክ ጠራ። እናቷ ናቸው። ሰው ለምነው ነው የሚያስደውሉት፤ ቁጥሩ አይታያቸውም። «ገና ነው እማዬ» አለች። «እየጨረስን ነው።» ዘጋችው።

«ማኔ...» አለ ሽባባው።

ስደተኛ ጣቢያ አንድ ወጥ ቤት ከተጋሩበት ጊዜ ጀምሮ አሥራ አንድ ዓመት አንተና አንቺ ሲባባሉ ኖረዋል። ቀና ብላ አየችው። ፊቷ ላይ ቁጣ የለም።

«እርስዎ በዚህኛው ይሂዱ» አለችው። «እኔ የሚቀጥለውን እጠብቃለሁ።»

ትራሙ መጥቶ በሩን ከፈተ። በእንግሊዝኛ ብትናገረው ኖሮ ልዩነቱ አይሰማውም ነበር። ገብቶ ተቀመጠ።